የተቆጣውን ሰው ፍለጋ

የተቆጣ ሰው ደጅ አለው። ደጅ ካለው ደግሞ ሄዶ መቆም ነው፤ ዛሬ ቢያባርር ነገ መመለስ ነው። ፊደል ባልቆጥርም ይህን ያህል አውቃለሁ። ደጅ የሌለው ቁጣ ሲገጥምስ? እስቲ የደረሰብኝን ላጫውታችሁ።

ልጄ ደረጀ ቡና ነጋዴ ነው። አምና እዚህ ጅማ፣ ሰቶ ሰመሮ ሰፈር፣ ከጎረቤታችን ከሐጂ ከድር ሰቃ የበቀለ ጀንፈል፣ ገና ያልተፈለፈለ ደረቅ ቡና፣ በዱቤ ወሰደና ለመያዣ ቼክ ጻፈላቸው። የእኛ አገር ቼክ እንዲህ ናት፤ ሰጪውም ተቀባዩም ባንክ ውስጥ ገንዘብ እንደሌለ እያወቁ ይጨባበጡባታል። ላም አለኝ በሰማይ፣ ወተቷንም አላይ ማለት ይኸው አይደል?

ከዚያ የቡና ዋጋ ወረደ። ደረጀ አፈረና ስልክ ማንሳት ተወ። ሐጂን ያስቆጣቸው ገንዘቡ አይደለም፣ ስልኩ ነው፤ ወላሂ ብለው ነግረውኛል። ሰላምታዬንም ሊነፍገኝ ነው ብለው ቼኳን ባንክ ወሰዷት። ደረቅ ናት ተብላ ተመለሰች። ለማስፈራራት ያህል ለፖሊስ አመለከቱ። ፖሊስ ደግሞ ለማስፈራራት ያህል የሚባል መዝገብ የለውም። ልጄ ወንጀል ችሎት ሊቆም ሆነ፤ እስር አለበት አሉኝ።

እኔማ እርጥብ ሣር ነጭቼ ሐጂ ደጅ ቆምኩ። አባቶቼ በመጡበት ደጋ ዕርቅ ለማኝ ድንጋይ ነበር አሉ የሚሸከመው። ጅማ ግን አዛኝ ናት፣ ሣር ይበቃታል። ሐጂ ገና ሲያዩኝ፣ ማሎ አዴ፣ እባክሽን ግቢ እንጂ ምን ያቆምሻል አሉኝ። ልጅሽ መጥቶ እግሬ ላይ ወድቋል፣ በሚመጣው ለቀማ ሊከፍለኝ ተስማምተናል፣ ክሱን ልተው ብል ግን አይሆንም አሉኝ፤ አሁን የተቆጣው መንግሥት ነው።

መንግሥት የት ነው የሚቀመጠው? ብዬ ጠየቅኩ። ዐቃቤ ሕግ የሚባል አለ አሉኝ።

ሣሬን ይዤ ሄድኩ። ሐጂም አብረውኝ መጡ፤ የባጃጁንም የከፈሉ እሳቸው ናቸው። ከሳሽ ለተከሳሽ አማላጅ ሆኖ ሲሄድ አይታችሁ ታውቃላችሁ? የተቆጣ መንግሥት ነው ብዬ ጺማም ሽማግሌ ስጠብቅ፣ የልጅ ልጄን የምታክል ቀጭን ልጅ ከወንበሯ ተነሥታ ጎንበስ ብላ ሳመችኝ። ሣሩን ዘረጋሁላት። ግራ ገባት።

"እማማ፣ እኔ እኮ ልጅዎን አልተቀየምኩትም። አላውቀውምም።"

"ታዲያ የተቀየመው ማን ነው?"

"ሕጉ ነው።"

"የሕጉ ቤት በየት በኩል ነው?"

ሳቋን ዋጥ አድርጋ አስረዳችኝ። ደረቅ ቼክ ወንጀል ስለሆነ ሐጂ ይቅር ቢሉም ክሱ አይነሣም፤ ዕርቁ ለዳኛው ከተነገረ ግን ቅጣቱን ያቀልለታል። ሣሩንም እምቢ አላለችኝም፣ ጠረጴዛዋ ላይ አስቀመጠችው። ባለትዳር ያድርግሽ ብዬ ወጣሁ። ምርቃት ነው፣ ጉቦ አይባልም መቼስ።

የፍርዱ ዕለት ደረጀ ጥፋቱን አመነ። ሐጂ ተነሥተው ታርቀናል አሉ። ዳኛው እስራቱን በገደብ አደረጉለትና ለመልካም ጠባይህ ዋስ ጥራ አሉት። ማን እጁን ቢያወጣ ጥሩ ነው? ሐጂ። ዳኛው መዝገቡን አገላበጡ፤ ሰውየው ያው የተበደሉት ናቸው።

ልጄ ቤቱ ሊያድር ነው ብዬ ደረጃው ላይ እያለቀስኩ ሳመሰግን፣ ሐጂ የደረጀን ትከሻ መታ መታ አደረጉ። አፋቸው ለምዶባቸው ነው እንጂ ክፋት የላቸውም።

"በል እንግዲህ፣ ዋስ ሆኜሃለሁ። ለመያዣ አንዲት ቼክ ጻፍልኝ።"

ደረጀ ሞኙም እጁን ወደ ኪሱ ሰደደ።

ያቺ ቀጭን ልጅ ለካ ከኋላችን ትወርድ ኖሯል። ዞር ስል ፊቷ በርበሬ መስሏል። ያን ሁሉ ደጅ የጠናሁለትን የተቆጣ መንግሥት ያገኘሁት ገና ያን ጊዜ ነው። እኔ ደግሞ ያን ቀን ሣር አልያዝኩም።