በእኛ ቤት በኩል የሚያልፉ ሰዎች

እንግዳ የሚበዛበት ቤት ልጅ መሆን ያደክማል። እንግዶቹ የማይታዩ ሲሆኑማ አይጣል ነው!

ነገሩ እንዲህ ነው። አዲስ አበባ ያለችው አክስቴ ዜና የምታነብባቸው ገጾች ተዘጉባት። እኔ ሰው ፊት ቃል አይወጣኝም፤ ኮምፒውተርን ግን አላፍርም። አሜሪካ፣ ሲልቨር ስፕሪንግ ባለው አፓርታማችን ኮምፒውተር ላይ ፕሮክሲ ከፈትኩላት። በእኛ ኮምፒውተር በኩል አልፋ የተዘጋውን ገጽ ታነባለች ማለት ነው። ታዲያ የምትከፍተው ሁሉ እኛ የከፈትነው ይመስላል። ይህችን ያኔ ማን አሰባት?

አክስቴ አድራሻውን ለጎረቤት ሰጠች። ጎረቤት ለመሥሪያ ቤቱ ሰጠ። አባዬም እዚሁ አሜሪካ፣ አሌክሳንድሪያ አብረውት ፓርኪንግ ለሚሠሩት ሁሉ፣ «ለዘመዶቻችሁ ስጡ፣ ምን ችግር አለው?» እያለ አደለው። እኔ የቤት ሥራዬን ገጽ ለመክፈት ተራ እጠብቃለሁ። እንግዳ ተነስ አይባል!

አንድ ሰኞ ከኢንተርኔት ድርጅቱ ደብዳቤ መጣ። ለአባዬ እንግሊዝኛ የማነብለት እኔ ነኝ። በመስመራችሁ ፊልም በሕገወጥ መንገድ ወርዷል፣ ተጠያቂው ባለመስመሩ ነው ይላል። ባለመስመሩ አባዬ ነው። የዜግነት ኢንተርቪው ያለው ደግሞ ሐሙስ! አገር ቤት ገጠር ብቻቸውን ታመው የተኙትን አያቴን ማምጣት የሚችለው ዜጋ ሲሆን ነው። የዜግነቱ ማመልከቻ ቅጽ ላይ ደግሞ «ወንጀል ሠርተህ ሳትያዝ ቀርተህ ታውቃለህ?» የሚል ጥያቄ አለ።

አባዬ ደብዳቤውን ተቀብሎ ገለባበጠው። «የምን ፊልም? እኔ ፊልም ሲጀምር እተኛ የለም እንዴ!»

ወዲያው ፕሮክሲውን ዘጋሁት። አክስቴ በማግስቱ ደወለች። «አሜሪካ ገብታችሁ በር መዝጋት ተማራችሁ?» አለች። አባዬ ፊልሙን ያወረደው ማን እንደሆነ ጠየቃት። «ጥሩ ፊልም እንኳ አልነበረም» አለችው።

ለሐሙስ «ኖ» ብቻ እንዲል ሦስት ቀን አስጠናሁት። አባዬ ግን ኦፊሰሩ ያቺን ጥያቄ ሲጠይቀው ከአክስቴ ጀምሮ እስከ ጎረቤቷ መሥሪያ ቤት ድረስ ተረከለት። ሰውየው አባዬ እስኪጨርስ ታገሰው። ፊልሙን አንተ አውርደሃል ወይ አለው። አላወረድኩም አለ። ኦፊሰሩም ቀጣዩን ጥያቄ ጠየቀው።

አባዬ ኢንተርቪውን አለፈ። መኪና ውስጥ ይህን ሁሉ ሲነግረኝ እንደ አሮጊት ተነፈስኩ። የአያቴን ማመልከቻ እያሰብኩ ዓይኔን ጨፈንኩ።

«በይ እንግዲህ፣ ቤት ስንገባ ለአክስትሽ ክፈቺላት» አለኝ።

«አባዬ! ደብዳቤውስ?»

«እሱንማ ለኦፊሰሩ ነገርኩት እኮ። መንግሥት ያውቃል።»