የወዳጆ የመጀመሪያ ተመልካች

ሰው ስሙ በወጣ ቁጥር በትውልድ ከተማው «ዕድሌን ነው የወሰደው» የሚል አንድ አብሮ አደግ አይጠፋም። በሞላሌ ይህን ኃላፊነት የያዘው የአማርኛ አስተማሪው ክቡር መምህር ትዕዛዙ ነው፤ ያለ ሹመት፣ ያለ ደመወዝ፣ አሥራ አራት ዓመት ሙሉ።

አብሮ አደጉ ወዳጆ በየእሑዱ አመሻሽ በቴሌቪዥን የሚታየውን አስቂኝ ድራማ ይጽፋል፤ ፕሮዲውሰሩም እሱ ነው። ስምንተኛ ክፍል ሳሉ ሁለቱ አንድ ዴስክ ላይ ተቀምጠው በአስተማሪዎቻቸው እየቀለዱ ክፍሉን ያስቁ ነበር። ትዕዛዙ ድምፃቸውን ያስመስላል፤ ወዳጆ ደብተሩ ላይ ይጽፋል። ኋላ ወዳጆ አዲስ አበባ ወርዶ አንድ ሬዲዮ ጣቢያ ሻይ ሲያመላልስ ቆየና የቀረ ጸሐፊ ተክቶ ጻፈ። ከዚያ ቴሌቪዥን፣ ከዚያ የራሱ ድርጅት። ትዕዛዙ ኮሌጅ ጨርሶ ሞላሌ ተመደበ።

እሑድ እሑድ ማናለብሽ ሻይ ቤት፣ ከቴሌቪዥኑ ፊት ለፊት ይቀመጣል። ቤቱ በሳቅ ሲናወጥ እሱ ጋቢውን ተከናንቦ ፍንክች አይልም።

«ይቺ የእኔ ናት» ይላል። በድራማው ቀብር ላይ የቄሱ ስልክ በጭፈራ ዘፈን ሲጮህ፣ «ይቺም የእኔ ናት።»

«መምህር፣ ያኔ ሞባይል የት ነበረና?» ትለዋለች ማናለብሽ።

«ሐሳቡን ነው የምልሽ!»

ወዳጆ የተሸለመ ዕለት መድረክ ላይ «ያገሬን ሰዎች አመሰግናለሁ» ሲል፣ ትዕዛዙ «ስም የለንም እንዴ?» ብሎ ሻዩን ሳይጨርስ ወጣ። ሳምንቱን ሙሉ ተማሪዎቹን ሰዋስው ብቻ አስተማራቸው።

ዘንድሮ ከፋሲካ በኋላ ድራማው ቀረ። የቴሌቪዥን ጣቢያው «ተመልካች ቀንሷል» አለ አሉ።

«እንግዲህ እንኳን ደስ ያለህ» አለችው ማናለብሽ።

«ድሮስ ምን ለዛ ነበረው?» አለ ሾፌሩ ባምላኩ ከጥግ።

ትዕዛዙ ብድግ አለ። «አንተ ምኑን ታውቃለህ? የለቅሶውን ክፍል አይተኸዋል? ሴትየዋ ደረቷን እየደቃች ሟቹን ስታወድስ ውላ፣ የገባችው የሌላ ሰው ለቅሶ መሆኑን ስታውቅ?» አለና ከመጀመሪያው እስከ መጨረሻው፣ የሁሉንም ድምፅ እያወጣ ተጫወተው። ባምላኩ ሆዱን ይዞ ከወንበሩ ሊወድቅ ምንም አልቀረው።

«እሱስ የማን ነው?» አለች ማናለብሽ እንባዋን እየጠረገች።

ትዕዛዙ ተመልሶ ተቀመጠ።

«የሱ ነው» አለ። «እኔ መቶ ዓመት ብኖር አልጽፈውም።»

በማግሥቱ በዕረፍት ሰዓት ለወዳጆ ደወለለት። ከተደዋወሉ ስምንት ዓመት ሆኗቸው ነበር።

«ደስ ብሎህ ነው የደወልከው?» አለው ወዳጆ።

«ደስ የሚለኝ መስሎኝ ነበር። እምቢ አለኝ።»

«ጣቢያው አልዋሸም፣ ትዕዛዙ። ዘንድሮ አንድ የሚያስቅ መስመር አልወጣልኝም። ወረቀት ላይ አፍጥጬ ነው የምውለው።»

«ታዲያ ለምን አትመጣም? ትርፍ ክፍል አለኝ። ለብርዱ የሱፍ ባና አለ።»

ወዳጆ በሐምሌ ጭጋግ መጣ። ትዕዛዙ «ሰው እየጻፈ ነው!» እያለ ጎረቤቱን ሁሉ በሹክሹክታ እንዲያወራ አደረገው። ቆሎና ሻይ ሊያስቀምጥ በገባ ቁጥር ወረቀቱን በዓይኑ ጠርዝ ያያል፤ ባዶ ነው። ወዳጆም ማየቱን ያያል። እንዲህ ሆኖ ሁለት ሳምንት አለፈ።

አንድ ጠዋት ትዕዛዙ ፊቱን ሲታጠብ ወዳጆ በግድግዳው ወዲያ ብቻውን ከት ብሎ ሲስቅ ሰማ። ቀጥሎ ወንበሩን ወደ ጠረጴዛው ሲስብ ሰማ። ከዚያ ጸጥታ፤ ከዚያ እንደገና ሳቅ።

«ምን አገኘ ይሄ ሰውዬ?» አለ ትዕዛዙ። ቅናት አንጀቱን አሳረረው። ፎጣውን ፊቱ ላይ እንዳደረገ ቆሞ አዳመጠ፤ እንደዚያ ቀን ደስ ብሎት አያውቅም።