አርባ ገጽ ስለ ቡንቶሎ

[ቴፒ፣ ፳፻፭ ዓ.ም.። ከረፋዱ አራት ሰዓት፣ ዝናቡ ገና ማባራቱ ነው። ከቀበሌው አዳራሽ አጠገብ አዲስ የሕዝብ መጸዳጃ ቤት ቆሟል። በሩ ተቆልፏል፤ በሩ ላይ ቀይ ሪባን ተወጥሯል። ዛሬ ቀበሌው “ሜዳ ላይ መጸዳዳት ቀረ” ብሎ ባንዲራ የሚሰቅልበት ቀን ነው። ጉድጓዱን የቆፈረው ተረፈ ሪባኑን እንዲጠብቅ ታዞ ድንጋይ ላይ ተቀምጧል። የቡና መጋዘን ጸሐፊ የነበሩት ጡረተኛው ባዘዘው ኮት ለብሰው፣ አንድ ክምር ወረቀት ታቅፈው፣ ባንዱ እግራቸው ሌላውን እየረገጡ ይከራከራሉ።]

ባዘዘው፦ ከጥንት ነው አልኩህ! ቡንቶሎ የሚባለው ቃል ከሪባንም፣ ከሲሚንቶም፣ ካንተም በፊት የነበረ ነው!

ተረፈ፦ ከእኔ በፊትስ አልነበረም።

ባዘዘው፦ ነበረ!

ተረፈ፦ አልነበረም ጋሼ። ሲመጣ አይቼዋለሁ።

ባዘዘው፦ ቃል ሲመጣ ይታያል እንዴ? በምን መጣ? በአይሱዙ?

ተረፈ፦ በእግሩ።

ባዘዘው፦ ወይ አንተ ሰው! እኔ እኮ አሥራ አንድ ዓመት ያጠናሁት ነው። ይኸው፣ ገጽ አንድ፦ “የቴፒ ሰው በቀድሞ ዘመን ሽንት ቤትን ቡንቶሎ ብሎ ይጠራ ነበር።” ዛሬ ሕዝብ ፊት ቆሜ፣ በማይክሮፎን፣ የማነበው ይሄንን ነው። በሕይወቴ የጻፍኩትን ሳነብ የመጀመሪያዬ ነው፣ ገባህ? ከመጋዘን ደረሰኝ በቀር ጽሑፌን ያነበበልኝ ሰው የለም። [ድንገት ጉልበታቸውን ይገጥማሉ] ኡፍ… እንግዳው የት ደረሱ?

ተረፈ፦ ጌጫ።

ባዘዘው፦ ከአንድ ሰዓት በፊትም ጌጫ ነበሩ እኮ!

ተረፈ፦ አሁንም ጌጫ ናቸው። ከማሻ በጊዜ ነው የተነሡት፤ መኪናቸው ጭቃ ውስጥ ገባ።

ባዘዘው፦ እሳቸው ካልመጡ ሪባኑ አይቆረጥም።

ተረፈ፦ አይቆረጥም።

ባዘዘው፦ ሪባኑ ካልተቆረጠ በሩ አይከፈትም።

ተረፈ፦ አይከፈትም።

ባዘዘው፦ [ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው] ተረፈ፣ የኔ ወንድም፣ ሪባኑን በጣትህ ትንሽ ከፍ ብታደርገው፣ እኔ ከሥር ሹልክ ብዬ…

ተረፈ፦ ምን ሊያደርጉ?

ባዘዘው፦ ሥራውን ልመርምር።

ተረፈ፦ ትናንት ገብተው መረመሩ አይደል? “ግሩም ነው” ብለው ወጡ።

ባዘዘው፦ ትናንት የመረመርኩት በዓይኔ ነው!

ተረፈ፦ ቁልፉ እኮ እኔ ጋ አይደለም። ትሕትና ቦርሳ ውስጥ ነው።

ባዘዘው፦ የጤና ኤክስቴንሽኗ? የት አለች?

ተረፈ፦ ያቻትና፣ አስፋልቱ ዳር። እንግዳውን ትጠብቃለች። መዝገቧን ይዛለች።

[ባዘዘው ወደ ቡና ዛፎቹ ጥግ ሁለት እርምጃ ይራመዳሉ። ከሩቅ የትሕትና አንገት ይዞራል። ባዘዘው ዛፍ የሚያደንቁ መስለው ይመለሳሉ።]

ባዘዘው፦ ዓይኗ ነው ወይስ መነጽር? ዛሬ አንድ ሰው ሜዳ ወጥቶ ከተገኘ ባንዲራው ይቀራል አላለችም?

ተረፈ፦ ብላለች። ስሙንም በማይክሮፎን እጠራዋለሁ ብላለች።

ባዘዘው፦ እኔ ማይክሮፎን የፈለግሁት ለሌላ ነው! ቤቴ እንዳልሄድ ከገበያው ማዶ ነው፣ አልደርስም። ጎረቤቱ ሁሉ የሽንት ቤቱን በር በጓጉንቸር ቆልፎ በዓል መጥቷል። ማን ነው ጠዋት ሦስት ጣሳ ቦርዴ ጠጣ ያለኝ?

ተረፈ፦ እኔ አይደለሁም።

ባዘዘው፦ “ንግግር ለሚያደርግ ሰው ጉሮሮ ያለሰልሳል” አለችኝ ቦርዴ ሻጯ ንጋቷ። ጉሮሮዬ ላይ ብቻ ቢቆም ምን ነበረበት!

ተረፈ፦ ታዲያ ቡንቶሎ አይሄዱም?

ባዘዘው፦ [ሕመማቸውን ረስተው ጣታቸውን ይቀስራሉ] አየህ! ስህተቱ እዚህ ላይ ነው። ቡንቶሎ “አይሄዱም” አይባልም። “ይሄዱ ነበር” ነው የሚባለው። ገጽ ሁለትን ስማ፦ “የመጨረሻው ቡንቶሎ በ፲፱፻፹፫ ዓ.ም. ፈረሰ፤ ቃሉም ከቤቱ ጋር አብሮ ሞተ።”

ተረፈ፦ ማን አፈረሰው?

ባዘዘው፦ ዘመን!

ተረፈ፦ ዘመን የሚባል ሰው አላውቅም።

ባዘዘው፦ ላንተ ማስረዳት በሬ ከጭቃ ማውጣት ነው። በል ልለማመድብህ፣ ሆዴንም ያስረሳኛል። መላምት አንድ…

ተረፈ፦ መላምት ምንድን ነው?

ባዘዘው፦ ገና ያልተረጋገጠ እውነት ነው።

ተረፈ፦ እኛ ግምት እንለዋለን።

ባዘዘው፦ አታቋርጠኝ! መላምት አንድ፦ “ቡን” ማለት ቡና ነው። “ቶሎ” ያው ቶሎ ነው። ቡና የጠጣ ሰው ቶሎ ይነሣል፤ የሚነሣበትም ምክንያት ይታወቃል። ቡን-ቶሎ! ይሄን ያገኘሁ ዕለት ከአልጋዬ ላይ ዘልዬ ወርጃለሁ!

ተረፈ፦ አባቴ ቡና ሲጠጡ አይነሡም። ይተኛሉ።

ባዘዘው፦ አባትህ ጥናቱ ውስጥ የሉም!

ተረፈ፦ ለምን የሉም? ቡንቶሎ የሳቸው ነበር እኮ።

ባዘዘው፦ የማን?

ተረፈ፦ የአባቴ።

ባዘዘው፦ እኛ እዚህ የአገር ታሪክ ይዘናል፣ አንተ የቤተሰብ ጉዳይ ታመጣለህ። [ክብ እየዞሩ] መላምት ሁለት፦ ካፒቴን ቡንቶሊኒ! የጣሊያን መኮንን ነው። በክረምት ቴፒ ገባ። ሦስት ቀን ሙሉ ዘነበበት። ሆዱን አመመው። ወታደሮቹ “ካፒቴኑ የት አሉ?” ሲባሉ ወደ አንዲት የሣር ጎጆ ይጠቁሙ ነበር። ከዚያ ወዲያ ጎጆዋ በስሙ ተጠራች!

ተረፈ፦ አይተውታል?

ባዘዘው፦ በምን አይቼው! ያን ጊዜ አልተወለድኩም።

ተረፈ፦ ያየው ሰው ነገረዎት?

ባዘዘው፦ የለም።

ተረፈ፦ ታዲያ ሆዱን እንዳመመው በምን አወቁ?

ባዘዘው፦ [ሆዳቸውን ይዘው] እሱን አሁን በደንብ አውቄዋለሁ! ኧረ ተረፈ… ጌጫ ደውልና ጠይቅልኝ።

ተረፈ፦ [በስልኩ አውርቶ] በሬ ጠምደው እየጎተቷቸው ነው።

ባዘዘው፦ ስንት በሬ?

ተረፈ፦ ሁለት።

ባዘዘው፦ አራት ያድርጉት በላቸው! ወጪው በእኔ!

ተረፈ፦ ጋሼ፣ ላብ በላብ ሆኑ እኮ። ቡንቶሎ ይሂዱ።

ባዘዘው፦ ነበር! “ነበር” በል! ምንድን ነው እንዲህ ድርቅ ማለት? የሞተ ቃል አይታዘዝበትም። ቁጭ በልና መላምት ሦስትን ስማ። ይሄኛው የግዕዙ ነው፣ ዓይኔን ጨፍኜ ነው የምለው።

[ዓይናቸውን ይጨፍናሉ። ተረፈ ቀስ ብሎ ይነሣና ከአዳራሹ ጎን ወዳለው የቡና መፈልፈያ ጓሮ ይሄዳል።]

ባዘዘው፦ “በንተወለ” ከሚለው ግሥ ይወጣል። በየትኛውም መጽሐፍ አታገኘውም፤ እኔ ነኝ ያገኘሁት። ትርጉሙም፣ ከሰው ተለይቶ ለብቻው ተቀመጠ፣ ራሱንም መረመረ ማለት ነው። ከዚህ “ብንትዋሌ” ወጣ፤ ብንትዋሌ በሸኮኛና በቤንችኛ መካከል ሲመላለስ ዝናብ መታው፣ ረጠበ፣ ለሰለሰ፣ ቡንቶሎ ሆነ! እንዴት ነው? አፍህን ከፈትክ አይደል? ዝም ማለትህ ራሱ ምስክር ነው! ተረፈ?

[ዓይናቸውን ይገልጣሉ። ተረፈ ቀበቶውን እያጠበቀ ይመለሳል። ፊቱ አብርቷል።]

ባዘዘው፦ የት ሄደህ ነው?

ተረፈ፦ ቡንቶሎ።

ባዘዘው፦ ሰው ሊሞት ነው አንተ ትቀልዳለህ!

ተረፈ፦ አልቀለድኩም። ቀለል ብሎኝ ነው። እርስዎም ቡንቶሎ ቢሄዱ…

ባዘዘው፦ እንግዲህ ተናደድኩ! እሺ! አንተ ብትሆን ከየት መጣ ትላለህ? ሲመጣ አይቻለሁ ብለህ የለ? ተናገር!

ተረፈ፦ ውሻ ነው።

ባዘዘው፦ ማን?

ተረፈ፦ ቡንቶሎ። ያን ጊዜ ሰባት ዓመቴ ነበር። አባቴ የቡና እርሻው ካምፕ ዘበኛ ነበሩ። አንድ ቀን ዝናብ ሲወርድ አንድ ውሻ ከጫካ መጣ። አባቴ “ቡንቶሎ” አሉት።

ባዘዘው፦ ለምን ቡንቶሎ አሉት?

ተረፈ፦ ውሻ ነዋ። ስም ያስፈልገዋል።

ባዘዘው፦ እግዚኦ! ቀጥል።

ተረፈ፦ በካምፑ የማያፈሰው ጣሪያ የሽንት ቤቱ ብቻ ነበር። ውሻው እዚያ ሄዶ በሩ ላይ ይዘረጋል። ሰው ይመጣል፤ ውሻው አይነሣም። በዱላም አይነሣ፣ በድንጋይም አይነሣ። ስሙን ሲጠሩት ብቻ ነው የሚነሣው። ስለዚህ ሰው ሁሉ ሆዱን ይዞ፣ በር ላይ ቆሞ፣ “ቡንቶሎ! ቡንቶሎ!” እያለ ይጣራል። ለለቀማ የሚመጡት አዳዲስ ሠራተኞች ይሄን ሲሰሙ የቤቱ ስም መሰላቸው። “የት ትሄዳለህ?” ሲባሉ “ቡንቶሎ” ማለት ጀመሩ። ቆይቶ ውሻው ሞተ። ስሙ ቤቱ ላይ ቀረ።

[ባዘዘው የቀረውን ይጠብቃሉ።]

ባዘዘው፦ አለቀ?

ተረፈ፦ አለቀ።

ባዘዘው፦ ግዕዝ የለበትም? ካፒቴን የለበትም?

ተረፈ፦ ውሻ አለበት።

ባዘዘው፦ [ወዲያ ወዲህ ይፈልጉና ከመሬት የሳሙና ካርቶን ክዳን ይገነጥላሉ] ለዚህ ንጹሕ ወረቀት አላባክንም። ያልሰማሁት እንዳይባል ብቻ ነው የምጽፈው። “ተረፈ የተባለ ጉድጓድ ቆፋሪ፣ ነገሩ… ውሻ… ነው… ይላል።” ከጥናቱ ጋር እንዳይቀላቀል ኪሴ ውስጥ ይግባ። [ይከቱታል። ከዚያ እንደ ማጭድ ይጎብጣሉ] ተረፈ! አለቀልኝ! በቃ፣ ተዋረድኩ! ይህን ኮት ለብሼ! ከመድረኩ በፊት!

ተረፈ፦ ምነው ጋሼ፣ ቡንቶሎ ይሂዱ እንጂ!

ባዘዘው፦ የትኛው ቡንቶሎ?!

ተረፈ፦ ቡንቶሎ ነዋ። የዱሮው ካምፕ እኮ እዚሁ ነበር። መፈልፈያው ጓሮ፣ ከሐረጉ ሥር።

ባዘዘው፦ ፈርሷል!

ተረፈ፦ አልፈረሰም። ሐረግ ለበሰ እንጂ ቆሟል፣ በርም አለው። እኔ አሁን ከዚያ አይደል የመጣሁት?

ባዘዘው፦ አንተ ጨካኝ! ለምን አልነገርከኝም?!

ተረፈ፦ አራት ጊዜ ነገርኩዎት። “ነበር በል” አሉኝ።

[ባዘዘው ወረቀታቸውን ብብታቸው ሥር ሸጉጠው ይሮጣሉ። ቆርቆሮ በር ሲጋጭ ይሰማል። ተረፈ ተከትሏቸው ከሐረጉ ውጭ ይቆማል።]

ባዘዘው፦ [ከውስጥ] እፎይ… ተረፈ!

ተረፈ፦ አቤት ጋሼ።

ባዘዘው፦ አገራችን እንዴት ውብ ናት!

ተረፈ፦ ከዚያ ውስጥ ሆነው ታየችዎት?

ባዘዘው፦ በቆርቆሮው ቀዳዳ አንዲት ቅርንጫፍ ትታየኛለች። ወፍ አለባት። ግሩም አድርገው ነው የሠሩት የዱሮ ሰዎች… እስቲ ውሃ አቀብለኝ።

ተረፈ፦ ጄሪካኑ አዲሱ ቤት ውስጥ ነው፤ ተቆልፎበታል።

ባዘዘው፦ ቅጠል ቁረጥልኝ።

ተረፈ፦ እዚህ ያለው ሳማ ነው። ልቁረጥ?

ባዘዘው፦ እንዳትነካው! ወረቀት! ወረቀት ፈልግልኝ!

ተረፈ፦ ወረቀቱ እርስዎ ጋ ነው።

[ከውስጥ ወረቀት ሲንኮሻኮሽ ይሰማል።]

ባዘዘው፦ ምን አልክ?

ተረፈ፦ አርባ ገጽ።

ባዘዘው፦ የአሥራ አንድ ዓመት ድካም ነው!

[ከአስፋልቱ በኩል የመኪና ጡሩምባና እልልታ። የትሕትና ድምፅ በማይክሮፎን፦ “እንግዳችን ደርሰዋል! ስለ ቡንቶሎ ጥናት የሚያቀርቡልን አቶ ባዘዘው ወደ መድረክ! አቶ ባዘዘው የት ናቸው?”]

ተረፈ፦ “ቡንቶሎ ናቸው” ልበላት?

ባዘዘው፦ ዝም በል! ምክር ስጠኝ። ከየቱ ልጀምር?

ተረፈ፦ ከካፒቴኑ። ሆዱን ታሞ ያውቃል፤ አይቀየምዎትም።

[ወረቀት ሲቀደድ ይሰማል።]

ባዘዘው፦ [በሐዘን] ካፒቴኑ ሄደ።

ተረፈ፦ ነፍስ ይማር። ግዕዙስ?

[ወረቀት ይቀደዳል።]

ባዘዘው፦ ግዕዙም ከሰው ተለየ።

ተረፈ፦ ቡናውስ?

ባዘዘው፦ እሱን እንኳ አተርፈዋለሁ። ሱሪዬን ላጥብቅና… ኧረ! ኧረ ጉድ! ወይኔ!

[ከጥልቅ፣ ዘግየት ብሎ፣ አንድ ከባድ ነገር ጧ! ሲል ይሰማል። ባዘዘው ባዶ እጃቸውን ይወጣሉ።]

ተረፈ፦ ምንድን ነው ጋሼ?

ባዘዘው፦ ቀበቶዬን ልይዝ እጄን ሳነሣ… ከብብቴ ሾለከ። የቀረው በሙሉ። ቡናው፣ መቅድሙ፣ ምስጋናው፣ ለእናቴ ያበረከትኩበት ገጽ ሳይቀር።

[ትሕትና በማይክሮፎን፦ “አቶ ባዘዘው! ለመጨረሻ ጊዜ!”]

ተረፈ፦ ምንም አልቀረም?

ባዘዘው፦ [ኪሳቸውን ዳብሰው የካርቶኑን ክዳን ያወጣሉ። ያዩታል። ተረፈን ያዩታል።] ይሄ ቀረ።

ተረፈ፦ የውሻው! ለምን አልተጠቀሙበትም?

ባዘዘው፦ ካርቶን ነዋ!

[ባዘዘው ኮታቸውን ያስተካክላሉ፣ ካርቶኑን በሁለት እጃቸው ይዘው ወደ መድረኩ መራመድ ይጀምራሉ። ተረፈ ይከተላቸዋል።]

ተረፈ፦ ለሕዝቡ ታዲያ ምን ይላሉ?

ባዘዘው፦ [በማይክሮፎን እንደሚናገር ሰው ደረታቸውን ነፍተው] “ክቡራትና ክቡራን! ከአሥራ አንድ ዓመት ጥናት በኋላ፣ ሌሎቹ መላምቶች በሙሉ ወድቀዋል!”

ተረፈ፦ እመሰክራለሁ ጋሼ። ሲወድቁ ሰምቻለሁ።