ቤቴ ድምፅ የሰጠበት ምርጫ

ትናንት እሑድ ረፋዱ ላይ፣ ፀሐይ ጀርባዬን እያሞቀችኝ፣ ሕልም አየሁ።

የታሪክ መምህርት ነኝ። ሳምንቱን ሙሉ ለአሥራ አንደኛ ክፍል ተማሪዎቼ የእንግሊዝ ፓርላማ በአሥራ ዘጠነኛው ክፍለ ዘመን እንዴት እንደተሻሻለ ሳስተምር ነው የሰነበትኩት። ድሮ ሰው የማይኖርበት ኮረብታ ሁለት እንደራሴ ይልክ እንደነበር፣ መቶ ሺህ ሰው የሚኖርበት የፋብሪካ ከተማ ግን አንድም እንደማይልክ፣ ሴት እንደማትመርጥ፣ ወንዱም ቢሆን ቤት ንብረት ከሌለው እንደማይመርጥ፣ የሚመርጠውም የመረጠውን ሰው ስም አደባባይ ላይ ጮክ ብሎ እንደሚናገር ደጋግሜ ነገርኳቸው። እነሱ ለፈተና ያጠኑታል። እኔ ግን በዓይኔ አየሁት።

በሕልሜ ጭጋግ የሸፈነው መንገድ ላይ ቆሜያለሁ። ከፊቴ ረጅም ሰልፍ አለ። የተሰለፉት ግን ሰዎች ሳይሆኑ ቤቶች ናቸው። ቪላው ከፊት፣ ፎቁ ከኋላው፣ ትናንሾቹ ደግሞ እርስ በርስ እየተገፋፉ ቆመዋል። ባለቤቶቻቸው መንገድ ዳር ቁጭ ብለው የቤታቸውን ተራ ይጠብቃሉ። ከሰልፉ መጨረሻ የራሴን ባለ አንድ ክፍል ስቱዲዮ ቤት አየሁት። ከአራተኛ ፎቅ ብቻውን ወርዶ መጥቷል፤ በረንዳው ላይ ያሰጣሁት ልብስ እንኳ አልተነሣም።

«እዚህ ምን ትሠራለህ?» አልኩት።

«ልመርጥ ነዋ» አለኝ ቤቴ።

«እኔስ?»

«አንቺ ምን አለሽ? መብቱ የቤት ነው።»

ሰልፉ በሚገባበት በር ላይ መነጽር ያደረገ የሰባ ሙክት ጠረጴዛ ይዞ ተቀምጧል። ያ ሰው የሌለበት ኮረብታ የላከው የምርጫ ጸሐፊ ነው። ኮረብታው ላይ ከበግ በቀር ማንም ስለማይኖር ሹመቱን ሁሉ የያዙት በጎች ነበሩ። የቤቴ ተራ ሲደርስ ሙክቱ ከመቀመጫው ብድግ አለ።

«እንደምን አረፈዱ? ምድጃ አለዎት?»

«አንድ የኤሌክትሪክ ምድጃ አለኝ» አለ ቤቴ ኮራ ብሎ። ከዚያ ድምፁን ዝቅ አድርጎ፣ «መብራት ሲኖር» አለ።

«እንግዲያው መብራት ሲኖር የመምረጥ መብት አለዎት። ሲጠፋ የለዎትም።»

«አሁን መብራት አለ?» አልኩ እኔ።

«አንቺን ማን ጠየቀሽ?» አለኝ ሙክቱ።

ቤቴ ደረቱን ነፍቶ «ሰር ሮውላንድ!» ብሎ ጮኸ። መስኮቶቹ ተንቀጠቀጡ። ሙክቱ መዘገበ።

«ይህን ሰው ታውቀዋለህ?» አልኩት ቤቴን፣ የበሩን እጀታ ይዤ እየጎተትኩ።

«የት አውቄው! ቪላው ሲጠራው ሰምቼ ነው። ከቪላ ጋር መጣላት ምን ያደርግልኛል?»

ወዲያው ትልቅ አዳራሽ ውስጥ ገባን። ሰር ሮውላንድ የሚባለው እጩ ከፍ ያለ ወንበር ላይ ተቀምጧል። መራጮቹ በርሜል ቢራ እየተሸከሙ መጥተው ያጠጡታል። ደንቡ እንዲያ ነው አሉኝ፤ እጩ እንዲመረጥ ፈቃደኛ የሚሆነው ሲሰክር ብቻ ነው። ሰውየው «በቃኝ፣ አልመረጥም!» እያለ ያለቅሳል፤ መራጮቹ «እባክዎ፣ አንድ ብቻ!» እያሉ ይለምኑታል። ያጠጣው ሁሉ ወደ ጥግ ሄዶ አፉን ይከፍታል፤ አንዲት በግ ድምፁን በከረጢት ትቀበለዋለች። ድምፁን የሰጠ ሰው ከዚያ በኋላ አይናገርም። ከንፈሩ እየተንቀሳቀሰ፣ አንዲት ቃል ሳይወጣው፣ በጓሮ በር ይወጣል።

አንዲት ሴት ክንዴን ያዘችኝ። ጣቶቿ በክር የተቆራረጡ ናቸው። ጀርባዋ ላይ ትልቅ እንስራ አዝላለች።

«ኬት እባላለሁ፤ ሸማኔ ነኝ» አለችኝ፣ ልክ እንደ ሰፈሬ ሰው በጥሩ አማርኛ። «ገጠር ሳለን ባሌ በምርጫ ጌታው የደገፈውን ሰው ትቶ የሌላ ሰው ስም ጠራ። በማግስቱ ከነልጆቻችን ከቤት ተባረርን። አሁን ያለንባት ከተማ መቶ ሺህ ሰው አለባት፣ ፓርላማ ውስጥ ግን አንድ በርጩማ እንኳ የላትም። ስለዚህ ድምፃችንን አዋጥተን እዚህ ውስጥ ጨመርነው።» እንስራውን መታ መታ አደረገችው፤ ከውስጡ ጉምጉምታ ተሰማ። «የቀረው የእኔ ብቻ ነው። እሱን ስጨምር የሚናገርልን አይኖርም። አንቺ መምህርት ነሽ። ክዳኑ ሲከፈት ‹ይህ የሕዝብ አቤቱታ ነው› ብለሽ ትናገሪልናለሽ?»

«እናገራለሁ» አልኳት። «ምን ችግር አለው? ሥራዬ መናገር ነው።»

ኬት ወደ እንስራው ጎንበስ ብላ ተነፈሰችና ክዳኑን ገጠመች። ከዚያ በኋላ የምታናግረኝ በዓይኗ ብቻ ሆነ። እንስራውን አጋዝኳትና ወደ ፓርላማው በር ሄድን። በሩ ግን ጠበበን። ዘበኞቹ ተሰብስበው መከሩ። ትንሽ ቆይቶ አንዱ መጥቶ፣ «በሩን ከማስፋት ከተማዋን ማጥበብ ይቀላል ተብሎ ተወስኗል» አለን። ኬት ንቅንቅ አላለችም። ዘበኛው እንስራውን በጎኑ አስተኛውና በእግሩ እየገፋ አስገባው፤ ኬትም ተከትላ ገባች።

ልከተላት ስል መለከት ተነፋ። ሙክቱ በርጩማ ላይ ወጥቶ አዋጅ አነበበ። «ተሻሽሏል! ከዛሬ ጀምሮ ሴትም ትመርጣለች! ምርጫውም በምስጢር ይሆናል!»

እውነቱን ልናገር፤ ኬትን ረሳኋት። ሳምንቱን ሙሉ «በመጨረሻ ተሻሻለ» እያልኩ ያስተማርኩት ነገር በራሴ ላይ ሲደርስ እንዴት ልለፈው? እየሮጥኩ ሄጄ ከምስጢር መምረጫው መጋረጃ ኋላ ገባሁ። ሙክቱ ወረቀት ሰጠኝና ወዲያው ዓይኔን በጨርቅ አሰረው። እጄን ይዞ አንድ ነገር አስጻፈኝ፣ ወረቀቱን አጠፈ፣ ሳጥን ውስጥ ሲጥለው ሰማሁት።

«ማንን መረጥኩ?» አልኩት።

«ምስጢር ነው።»

«ለእኔም?»

«በተለይ ለአንቺ» አለና አፌን ከፍቶ ድምፄን ወሰደው።

ፓርላማው ውስጥ ስደርስ ኬት መሀል ላይ ቆማለች። የኮረብታው ሁለት እንደራሴዎች ፊት ለፊት ተቀምጠው ያመሰኳሉ። ኬት ዞራ አየችኝ፤ ፊቷ በራ። ክዳኑን አነሣችው። የመቶ ሺህ ሰው ጩኸት በአንድ ጊዜ ወጣ። መስታወቱ ረገፈ፣ የአፈ ጉባኤው ሰው ሠራሽ ፀጉር በረረ፣ እንደራሴዎቹ ወንበር ሥር ገቡ። ጩኸቱ ውስጥ የሕፃን ልቅሶ ነበረበት፣ የሳል ድምፅ ነበረበት፣ ‹እኛም አለን› የሚል ነበረበት።

ሲያበቃ አፈ ጉባኤው ከወንበሩ ሥር ብቅ አለ።

«ምን ነበር እሱ? ድጋፍ ነው ተቃውሞ?»

«ጩኸት ነው፣ ጌታዬ» አለ ሙክቱ።

«እንግዲያው ጭብጨባ ብለህ መዝግብ።»

ኬት ወደ እኔ ዞረች። አሁን ተናገሪ ማለቷ ነው። ወደ ፊት ራመድ ብዬ አፌን ከፈትኩ። ምንም አልወጣም። ጉሮሮዬን ይዤ ታገልኩ። ኬት እንስራዋን እንደታቀፈች ታየኛለች፤ ብትቆጣኝ ይሻለኝ ነበር። ሙክቱ «ጭብጨባ፣ ረጅም፣ ሞቅ ያለ» እያለ ይጽፋል። እንደራሴዎቹም መዝገቡ እውነት እንዲሆን ብለው ማጨብጨብ ጀመሩ።

ጭብጨባው ሲበረታ ዓይኔን ገለጥኩ።

ፕላስቲክ ወንበር ላይ ተቀምጫለሁ። የኮንዶሚኒየማችን ነዋሪዎች ጠቅላላ ጉባኤ ነው። ሰው ሁሉ ወደ እኔ ዞሮ ያጨበጭባል። አጠገቤ የተቀመጡት የሦስተኛ ፎቋ ጎረቤቴ እትዬ ጽጌማርያም ጉልበቴን ቸብ ቸብ አደረጉኝ።

«እንኳን ደስ ያለሽ፤ ተመረጥሽ።»

«ምን ተብዬ?»

«የድምፅ ቆጣሪ ኮሚቴ ሰብሳቢ።»

«ምርጫው መቼ ነው?»

«አለቀ እኮ። አቶ ሙላው በሊቀመንበርነታቸው በሙሉ ድምፅ ቀጠሉ። አንቺ እንድትፈርሚ ብቻ ነው የቀረው።»

ወረቀቱ ከእጅ ወደ እጅ እየተላለፈ ደረሰኝ። ተተይቦ፣ ማኅተም ተደርጎበት አልቋል። ድምፅ የሰጡ ነዋሪዎች ሁለት መቶ አሥራ አራት ይላል። ዞሬ ወንበሮቹን ቆጠርኩ። ከእኔ ጋር ሠላሳ አንድ ነን።

«እትዬ፣ እኔ እኮ ተኝቼ ነበር» አልኳቸው።

«አውቃለሁ» አሉኝ፣ እስክሪብቶ እያቀበሉኝ። «ለዚህ እኮ ነው የጠቆምኩሽ።»