ስሟ ያልተጠቀሰው ተበዳይ

ክረምት ላይ ሰፈራችንን ማራኪን ጉም ሲውጣት እኔን እንቅልፍ እንቅልፍ ይለኛል። ቤቶቹ ይሟሟሉ፤ ከፊት የሚሄደው ሰው ካፖርት ብቻ ይሆናል። እንዲህ ባለ ቀን ሰው ሁሉ ምስጢሩን አቅፎ በሰላም የሚኖር ይመስለኛል። ምን ዋጋ አለው፣ ጉም ዓይን እንጂ ጆሮ አይጋርድም። በእኛ ከተማ ሰው ማሳሉን ከራሱ ቀድሞ ጎረቤቱ እንደሚያውቅ እናንተም አታጡትም።

የዚያን ቀን ወደ ፒያሳ በሚወርድ ሚኒባስ መስኮቱን ተደግፌ፣ ግማሽ ልቤ ተኝቷል። ሬዲዮው የፖሊስ ፕሮግራም ያሰማል። የቃል አቀባዩ ድምፅ ለስላሳ ነው፤ ስለ ወንጀል ሲያወራ እንኳ ሕፃን የሚያስተኛ ይመስላል። «ለግል ተበዳይዋ ክብር ሲባል ስሟን ከመግለጽ ተቆጥበናል» አለ። እሰይ፣ ጨዋ እንዲህ ነው ብዬ ዓይኔን ልጨፍን ስል ቀጠለ። ተበዳይዋ ለአቅመ ሔዋን የደረሰች የማራኪ ነዋሪ ናት። እናቷ ከመስጊዱ ዝቅ ብሎ ሻሽና ጥልፍ ቀሚስ ይሸጣሉ። ግራ እግሯን ትንሽ ታነክሳለች። ከምሽቱ ሁለት ሰዓት ላይ ብቻዋን ስትጓዝ ተደብድባ ቦርሳዋን ተቀምታለች። ቀማኛውስ? «አንድ ወጣት።» በቃ። ጉሙ ለእሱ ተርፏል።

«ይቺ የሻሽ ሻጯ ልጅ ናት እኮ!» አለ ሹፌሩ። ማኪናው ሙሉ ሰው ተስማማ። ከፊቴ የተቀመጡ እናት ከንፈራቸውን መጠጡና «ሸጋ ልጅ ነበረች» አሉ።

ነበረች!

«ምነው ግን በዚያ ሰዓት፣ ብቻዋን?» አሉ ቀጥለው።

ከማታ ትምህርት እየተመለሰች ነበራ! ግቢያቸው ውስጥ ተከራይ ስለሆንኩ አውቃለሁ፤ ሬዲዮው ግን ትምህርቱን አላነሳውም። እሑድ ደግሞ ሽማግሌ ሊመጣላት ቀን ተቆርጦ ነበር። ከሽማግሌው በፊት ጎረቤት መጣ። እስላሙም ክርስቲያኑም «እንኳን ተረፍሽ» ሊል ነው የመጣው፣ ነውር የለውም፤ ሲወጣ ግን «ምነው በዚያ ሰዓት?» የምትለዋን ደጃፍ ላይ ጣል አድርጎ ይሄዳል። እሑድ ሽማግሌዎቹ ቀሩ። ዝናቡ በረታብን ብለው ላኩ። ዝናብ አልነበረም። እናቷ እትዬ ከድጃ ለእንግዶቹ የሠሩትን ወጥ ለእኛ ለተከራዮቹ አካፈሉን።

ልጅቷ አላለቀሰችም። ሰኞ ጠዋት ፖሊስ ጣቢያ ስትሄድ አብሬያት ሄድኩ። ቃል አቀባዩ ገና ለጋ ነው፤ ሲያያት ደነገጠ።

«እኔ እኮ ስምሽን ደብቄልሻለሁ፣ እህቴ።»

«ወላሂ፣ የደበቅኸው ስሜን ብቻ ነው» አለችው። «አሁን ስሜን ጥራና ከትምህርት እየተመለስኩ እንደነበር ተናገር። ሌላውን ተወው።»

ልጁ እንዳለችው አደረገ። በሳምንቱ በዚያው መንገድ፣ በዚያው ሹፌር ማኪና ተሳፍሬ ስሄድ ያ ለስላሳ ድምፅ መጣ። «በተበዳይዋ ጥያቄ መሠረት ስሟን እንገልጻለን። ዘሃራ እንድሪስ ትባላለች። ጥቃቱ የደረሰባት ከማታ ትምህርት ወደ ቤቷ ስትመለስ ነው።» ልቤ ሞቀ። ተሳፋሪውን አንድ በአንድ አየሁ፤ ሁሉም በጥሞና ያዳምጣል።

«የትኛዋ ዘሃራ ናት ደግሞ?» አለ ሹፌሩ።

ማንም አላወቃትም። ከኋላ አንዲት ሴት በሐዘኔታ ተነፈሱ፦

«የትም ትሁን፣ ይቺስ ጨዋ ናት፤ ከትምህርቷ ስትመለስ ነው የተቀማችው። እንደዚያች እንደ ሻሽ ሻጯ ልጅ መሰለቻችሁ?»