በረሃ ላይ ቫዮሊን

(ጅጅጋ፣ ከሰዓት በኋላ። የሙዚቃ አስተማሪው ልዑልሰገድ ለአንድ የአረብ የቴሌቪዥን ድራማ ማጀቢያ ዜማ ይሠራል። ከጎረቤቱ ከግመል ደላላው ሳማታር ጋር ላፕቶፕ ላይ አፍጥጠዋል።)

ሳማታር፦ እኮ ቫዮሊን መቺው የታለ?

ልዑልሰገድ፦ ድምፁን እየሰማኸው!

ሳማታር፦ መስማቱንማ ሰማሁ። በረሃ ነው፣ ዛፍ እንኳ የለም። የት ተደብቆ ነው የሚመታው?

ልዑልሰገድ፦ በፈጠረህ! ሰው አይደለም፣ ስሜት ነው!

ሳማታር፦ ዋርያ፣ ስሜት ውሃ አይጠማውም?

ልዑልሰገድ፦ (ራሱን ይዞ) አንተን ከማስረዳት ካራማራን መግፋት ይቀላል። ዛሬ ዳይሬክተሩ ይደውላል። የላክሁለትን ይህን ክፍል ከወደደው የቀሩትን ሠላሳ ክፍሎች እኔ ነኝ የምሠራው። ካልወደደው ግን ያው ሰርግ ቤት ኪቦርዴን ይዤ መንከራተቴ ነው።

ሳማታር፦ አረብኛ ትችላለህ እንዴ?

ልዑልሰገድ፦ ምን ያደርግልኛል? የሚጽፍልኝን ስልኬ ይተረጉመዋል። ድራማውን ደግሞ ከሰው ፊት ነው የማነበው። ያቃተኝ የሚስቴ ፊት ብቻ ነው። ይኸው እይ! ሁለት ወንድማማቾች ሲሰነባበቱ። እጃቸውን ፎጣ ሸፍነው ተያይዘዋል፣ ቃል አይተነፍሱም። ስሠራው ሦስቴ አልቅሻለሁ። አንዷ የኪቦርዴ ቁልፍ በእንባዬ ረጥባ እምቢ ብላለች።

ሳማታር፦ (ሳቁ ያመልጠዋል) ከኋላቸው የቆመችውንስ አየሃት?

ልዑልሰገድ፦ ግመሏን? እሷማ ናፍቆት ናት።

ሳማታር፦ እሷማ የምትሸጠው ናት! ፎጣው ሥር በሚይዙት ጣት ቁጥር እየተደራደሩ ነው፣ ከብቦ የቆመው ሰው ዋጋውን እንዳያውቅ። ሀርሺን ገበያ ያደግኩት በዚሁ ሥራ ነው።

ልዑልሰገድ፦ ታዲያ ይሄኛው ለምን እንባ አቀረረ?

ሳማታር፦ ዋጋ ሰብረውበታላ!

ልዑልሰገድ፦ (ዘጭ ብሎ ይቀመጣል) ወይኔ ልዑልሰገድ! አራት ዓመት ሙሉ ከብት ገበያ አጠገብ ተከራይቼ፣ ለግመል ሽያጭ የለቅሶ ዜማ! (ስልክ ይጠራል) እሱ ነው! አንተ አናግረው፣ ከአረብ ነጋዴ ጋር በአረብኛ ትከራከር የለ!

ሳማታር፦ (በአረብኛ ያወራል፣ ይስቃል፣ ይዘጋል)

ልዑልሰገድ፦ አባረረኝ አይደል?

ሳማታር፦ ኧረ በሳቅ ሊሞት ነው! ዜማህን ወዶታል፣ ሰዎች በእውነት ለሚለያዩበት ክፍል አዙሮታል። «ሠላሳውንም ይሥራ፣ ግን ከመሥራቱ በፊት ነገሩን የሚያስረዳው ሰው ይፈልግ» ብሏል።

ልዑልሰገድ፦ እሰይ! ግን አሁን እንዲህ ያለ ሰው ከየት አባቴ ላምጣ?

ሳማታር፦ (ፎጣውን ከትከሻው አውርዶ የሁለቱንም እጅ ይሸፍናል)

ልዑልሰገድ፦ ምን… ሳማታር! አምስቱንም ጣቴን ያዝክ እኮ!

ሳማታር፦ ዋጋዬ ነዋ። በል፣ አሁን ቫዮሊኑን አስገባ።