ፈላስፋው የእድራችን ሊቀመንበር

ሐበሻ ሦስት ሆኖ በተሰበሰበበት ሁሉ አንዱ ፈላስፋ ነው። ሁለተኛው ይሰማዋል፤ ሦስተኛው ሰዓቱን ያያል። የእኛ የዳላስና የአካባቢዋ ፈላስፋ ክቡር ጋሽ ሕዝቅያስ ናቸው። ቪዛ ሲጠብቁ አራት ዓመት አቴንስ ኖረዋል። እዚያ ምግብ ቤት ሳህን ያጥቡ እንደነበር የሚያውቅ ያውቃል፤ «ግሪክ በነበርኩ ጊዜ» ሲሉ የሰማ ግን ከጥንቶቹ ሊቃውንት ጋር አንድ ወንበር ላይ የተማሩ ይመስለዋል።

አሁን ከኤርፖርት መንገደኛ ያመላልሳሉ። «ወዴት ነህ?» ይሉታል ሐበሻ ሲያገኙ። «ፍሪስኮ» ካላቸው፣ «እሱንማ ስልኬም ነግሮኛል፤ አንተ ራስህ ወዴት ነህ?»

በእድር ስብሰባ ላይ ደግሞ «በምን አወቅህ?» የምትባል ነገር አለቻቸው። አንዱ ተነስቶ «ያለፈው ወር አዳራሽ ጠቦን ነበር» ይላል። «በምን አወቅህ? ጠባብ ማለትስ ምን ማለት ነው?» በቃ፣ ያ ስብሰባ አለቀለት። አንድ ግሪካዊ ፈላስፋ ትምህርት ቤቱን ትቶ ሕዝብ ለማገልገል ሹመት እንደተቀበለም ስንት ጊዜ እንደነገሩን እግዜር ይወቀው። በመጨረሻ ጸሐፊያችን አባይነሽ መረራትና፣ «ሶ፣ ለምን እሳቸውን አንሾማቸውም? ሊቀመንበር ስብሰባ ይመራል እንጂ አይጠይቅም!» አለች። በሙሉ ድምፅ አለፈ።

የዘነጋነው፣ መርዶ የሚነግረው ሊቀመንበሩ መሆኑን ነው። በእኛ ዘንድ የሞት ወሬ በስልክ አይነገርም። ሐዘንተኛው ከሥራ ኦፍ የሚሆንበት ቀን ይጠናና በማለዳ ደጁ ይንኳኳል።

የመጀመሪያው መርዶ ፕሌኖ ከተማ ነበር። እዚህ ያደገው ኢዛና አገር ቤት ያሉት አያቱ ሞተውበታል። ስድስት ሰው ጥቁር ለብሶ ሳሎኑን ሞላው። ጋሽ ሕዝቅያስ ጉሮሯቸውን ጠረጉ።

«ኢዛና፣ ሞት ክፉ ነገር ነው ትላለህ?»

«ማለቴ... ዲፔንድስ» አለ ልጁ።

ክርክሩ ጦፈ። ሻይ ቀረበ። ከአርባ ደቂቃ በኋላ አባይነሽ ታግሳ ታግሳ እሪ ስትል ነው ልጁ ነገሩ የገባው።

«መርዶ ላይ ጥያቄ የለም!» አለቻቸው ሲወጡ። «ሁለተኛ እንዲህ ካደረጉ ይወርዳሉ።»

ጋሽ ሕዝቅያስ አንገታቸውን ደፉ። ከሳቁባቸው አንዷ እኔ ነበርኩ። ታሪኩን ጎንደር ሐኪም ቤት ለተኛው ወንድሜ ለወልዴ ሳይቀር ደውዬ አወራሁለት። ሳቁ ሳል እስኪሆንበት ሳቀ። «ፈላስፋችሁን ሰላም በይልኝ» አለኝ።

በሦስተኛው ሳምንት ቅዳሜ ማለዳ፣ ሳክሲ ከተማ ያለው ቤቴ በር ተንኳኳ። ከፊት ጋሽ ሕዝቅያስ፣ ከኋላቸው አባይነሽ፣ ነጠላዋን አዘቅዝቃ። ገብተው ተቀመጡ። ምነው አንድ ነገር በጠየቁኝ፣ ምነው ክርክር በጀመሩ ብዬ አፍ አፋቸውን አየሁ።

«ስርጉት ልጄ፣ ወንድምሽ ወልዴ አርፏል» አሉኝ።

«በምን አወቁ?» አልኩ። ጮኼ ነበር መሰለኝ።

ጋሽ ሕዝቅያስ አልሸሹኝም፤ ዓይን ዓይኔን እያዩ መለሱልኝ። «ወሬው ሲደርሰኝ ሐኪም ቤቱ ደወልኩ፤ ነርሷ ነገረችኝ። አላመንኳትም፤ ዶክተሩን አስጠራሁ። እሱንም አላመንኩት። ጎረቤቱን ጠየቅኩ፣ ከዚያ የንስሐ አባቱን። ውሸት ነው የሚለኝ አንድ ሰው ባገኝ ብዬ ትናንት ቀኑን ሙሉ ስጠይቅ ዋልኩ። አጣሁ፣ ልጄ።»

ያኔ አለቀስኩ። እሳቸውም አለቀሱ።

ሦስቱን ቀን ከወጥ ቤቴ አልወጡም። የለቀስተኛውን ሳህን ሁሉ ያጠቡት እሳቸው ናቸው። አባይነሽ ልታግዛቸው ብትሞክር፣ «ተይ፣ እኔ ግሪክ የተማርኩት ይሄንን ነው» ብለው መለሷት።

በሚቀጥለው ስብሰባ የኢዛና ነገር ተነሳ። ፍሬ የሚባል አዲስ አባል ብድግ አለና፣ «ይቅርታ ይደረግልኝና፣ ጋሽ ሕዝቅያስ ለዚህ ሥራ አይሆኑም» አለ።

ጋሽ ሕዝቅያስ አቀርቅረው ብዕራቸውን ያሽከረክራሉ። እኔ ተነሳሁ።

«በምን አወቅህ?» አልኩት።